የጥንድ በሬ ጉልበት ወዴት ይሄዳል? ስለ ጉልበት፣ ስለ እንቅስቃሴና ስለ አቅም የመነሻ ትምህርት

መግቢያ

በደብረ ታቦርና በአካባቢው ደጋ በሬ ከምንጊዜውም በላይ የሚፈለገው በጣም በሚከሳበት ወራት ነው። የበጋው ድርቆሽና ገለባ ተሟጦ አዲሱ ሣር ገና ሳይበቅል፣ የመጀመሪያው ዝናብ መሬቱን እንዳለሰለሰው ገበሬው ቀንበሩን ያወጣል። በዚህ ጊዜ የከሳ በሬ ትልም መሐል ቢተኛ የሚባክነው የአንድ ቀን እርሻ ብቻ አይደለም፤ የዘር ወቅቱም አብሮ ያልፋል። በተለይ አንድ በሬ ብቻ ኖሮት በመቀናጆ የሚያርስ ገበሬ፣ የደረሰውን ቀን በሙሉ ካልተጠቀመበት ሌላ ተራ እስኪደርሰው መጠበቅ ግድ ይሆንበታል።

እንዲህ ያለ ችግር ሲገጥም ብዙ ጊዜ «በሬው ሰነፈ» ይባላል። እኛ ግን በዚህ ጽሑፍ ሌላ ጥያቄ እናነሣለን። ይኸውም «በሬው የሰጠው ጉልበት ወዴት ሄደ?» የሚለው ነው። ከፊሉ አፈር ለመፈንቀል፣ ከፊሉ ሰበቃን ለማሸነፍ፣ ከፊሉም አቀበት ለመውጣት ይውላል። የትኛው የትኛው እንደሆነ ለይቶ ማወቅ የቻለ ልማት ሠራተኛ፣ አዲስ በሬ ሳይገዛና አዲስ መሣሪያ ሳያስመጣ ገበሬውን ሊረዳ ይችላል።

ጽሑፉ የተዘጋጀው ለልማት ሠራተኞችና ለገበሬዎች ኅብረት ሥራ ማኅበራት ነው። አንባቢው ፊዚክስ ተምሮ የማያውቅ ቢሆንም መደመር፣ ማባዛትና ማካፈል ከቻለ ይበቃዋል። ስሌቱ እንዳይከብድ ቁጥሮቹን አጠጋግተናቸዋል።

1. የቃላቱ ትርጉም

በዕለት ንግግራችን ጉልበት፣ ኃይልና አቅም የሚሉትን ቃላት እያቀያየርን እንጠቀምባቸዋለን። በዚህ ትምህርት ግን እያንዳንዱ የራሱ ትርጉም አለው።

ሀ) ጉልበት፦ አንድን ነገር መግፋት ወይም መሳብ ነው። መጠንም አቅጣጫም አለው። መለኪያው ኒውተን ይባላል። የ1 ኪሎ ግራም ዕቃ በእጅ ተንጠልጥሎ ሲያዝ፣ ወደ ታች የሚስበው የመሬት ስበት 10 ኒውተን ያህል ነው። ስለዚህ አንድ ኩንታል እህል በ1,000 ኒውተን ጉልበት ወደ መሬት ይሳባል ማለት ነው።

ለ) ሥራ፦ ጉልበት አንድን ነገር በራሱ አቅጣጫ ሲያንቀሳቅስ ሥራ ተሠራ ይባላል። ሥራ ማለት ጉልበት ሲባዛ በርቀት ነው። መለኪያው ጁል ይባላል። አንድ ኩንታል እህል 1 ሜትር ከፍ ብሎ ከጋሪ ላይ ቢጫን 1,000 ጁል ሥራ ተሠርቷል።

ሐ) አቅም፦ ሥራ ለመሥራት የሚያስችል ነገር ሁሉ አቅም ነው። በሬው ከበላው ገለባ የሚያገኘው፣ ከተራራ ላይ ያለ ውኃ የያዘው፣ የሚንከባለል ድንጋይም ያለው አቅም ነው። የሚለካውም እንደ ሥራ በጁል ነው።

መ) ኃይል፦ ሥራው በምን ያህል ጊዜ እንደተሠራ የሚያሳይ ነው። ሥራውን በጊዜው ስናካፍል ይገኛል። መለኪያው ዋት ነው። ስለ ሞተር ሲወራ «የፈረስ ጉልበት» የሚባለው በዚህ አነጋገር ኃይል ሲሆን፣ አንዱ የፈረስ ጉልበት 740 ዋት ያህል ይሆናል።

እንግሊዛዊው ሳይንቲስት ይስሐቅ ኒውተን በ1687 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ ስለ እንቅስቃሴ ሦስት ሕጎች አስቀምጧል። ከዚህ በታች ሕጎቹን አንድ በአንድ በደብረ ታቦር አገር ምሳሌ እናያቸዋለን።

2. የሰባስቶፖል ትምህርት፦ ሰበቃና አቀበት

ከደብረ ታቦር ከተማ አጠገብ ጋፋት የሚባል ቦታ አለ። ዐፄ ቴዎድሮስ የአውሮፓ የእጅ ባለሙያዎችን አስቀምጠው መድፍ ያሠሩት በዚህ ስፍራ ነው። ከሁሉም የሚበልጠው ሰባስቶፖል የተባለው መድፍ ሲሆን ክብደቱ ወደ 7 ቶን ወይም 70 ኩንታል ገደማ እንደሆነ ይነገራል። ንጉሠ ነገሥቱ በ1860 ዓ.ም. መጀመሪያ ከደብረ ታቦር ተነሥተው መድፉን በጋሪ ላይ አስጭነው ወደ መቅደላ ጉዞ ጀመሩ። የደረሱት በዚያው ዓመት በመጋቢት ወር ነው። ጉዞው ግማሽ ዓመት ያህል ፈጀ ማለት ነው። መድፉን ለመሳብ 500 ያህል ሰው ያስፈልግ እንደነበር የዘመኑ ታዛቢዎች ጽፈዋል።

ይህን ታሪክ የምናነሣው ስለ ጦርነት ለማውራት ሳይሆን ስለ ጉልበት ለመማር ነው። አሁን ስሌቱን እንሥራ። የመድፉ ክብደት 70,000 ኒውተን ነው እንበል። ጋሪው ሻካራ መንገድ ላይ ሲሄድ ሰበቃው የክብደቱን አንድ አሥረኛ ያህል ይይዛል ብለን ብንወስድ፣ በሜዳ ለመሳብ 7,000 ኒውተን ያስፈልጋል። ሰበቃ ማለት ሁለት ነገሮች ተነካክተው ሲንቀሳቀሱ እርስ በርሳቸው የሚያደርጉት መቃወም ነው።

መንገዱ አቀበት ሲሆን ደግሞ ሌላ ጉልበት ይጨመራል። በ100 ሜትር ርቀት 10 ሜትር በሚወጣ መንገድ ላይ ከክብደቱ አንድ አሥረኛው ወደ ኋላ ይጎትታል። ይህም 7,000 ኒውተን ነው። በድምሩ 14,000 ኒውተን ሆነ። ለ500 ሰው ሲካፈል ለእያንዳንዱ 28 ኒውተን ይደርሰዋል። ይህ 3 ኪሎ እንኳ የማይሞላ ዕቃ ከማንሣት አይበልጥም!

ታዲያ 500 ሰው ለምን አስፈለገ? ምክንያቱ ሦስት ነው። አንደኛ፣ አቀበቱ ብዙ ቦታ ላይ ከዚህ ይበልጥ የቆመ ነው። ሁለተኛ፣ ጎማው ጉድጓድ ወይም ጭቃ ውስጥ ሲገባ የሚያስፈልገው ጉልበት ብዙ እጥፍ ይሆናል። ሦስተኛ፣ ሰዎቹ ሁሉ በአንድ ጊዜና በአንድ አቅጣጫ አይስቡም፤ ወደ ጎን የሚስብ ሰው ድካሙ እንጂ ጉልበቱ ለጋሪው አይደርሰውም። ጉልበት አቅጣጫ አለው ያልነው ለዚህ ነው።

ዐፄ ቴዎድሮስ ያገኙት መፍትሔ ሰው መጨመር ብቻ አልነበረም። የጅዳንና የበሽሎን ሸለቆዎች የሚያሻግር መንገድ አስቆርጠዋል። መንገድ ሲጠመዝዝ ርቀቱ ይጨምራል፤ በእያንዳንዱ እርምጃ የሚያስፈልገው ጉልበት ግን ይቀንሳል። ድንጋዩ ሲለቀም ሰበቃው ያንሳል። ዛሬም አንድ ኅብረት ሥራ ማኅበር ከመጋዘኑ በር እስከ ዋናው መንገድ ያለውን ጉድጓድ ቢደፍን፣ ለአባላቱ እንስሳት ሁሉ ጉልበት የጨመረላቸው ያህል ነው።

3. መነሣትና መቆም፦ ምራን ለምን ከቆዳ ተሠራ?

የኒውተን የመጀመሪያው ሕግ እንዲህ ይላል፦ የቆመ ነገር የሚያነሣው ጉልበት ካላገኘ እንደቆመ፣ የሚሄድ ነገርም የሚያቆመው ካላገኘ በያዘው ፍጥነትና አቅጣጫ እንደሄደ ይኖራል። ሁለተኛው ሕግ ደግሞ ከባድ ነገርን ለማስነሣትም ሆነ ለማቆም ብዙ ጉልበት እንደሚያስፈልግ፣ መቆሙ ድንገተኛ በሆነ መጠንም ጉልበቱ እንደሚበረታ ያስረዳል።

የጉና ሥር ማሳ ድንጋያማ ነው። ማረሻው ከተቀበረ ድንጋይ ጋር ሲጋጭ ምን ይሆናል? የሁለቱ በሬዎች ክብደት 600 ኪሎ፣ ፍጥነታቸው በሴኮንድ ግማሽ ሜትር ነው እንበል። የሚንቀሳቀስ ነገር ያለው አቅም፣ ክብደቱ በኪሎ ግራም ተይዞ በፍጥነቱ፣ እንደገና በፍጥነቱ ተባዝቶ ለሁለት ሲካፈል ይገኛል። ስለዚህ 600 ሲባዛ በግማሽ፣ ሲባዛ በግማሽ፣ ሲካፈል ለሁለት 75 ጁል ይሆናል። ይህ ትንሽ ይመስላል። ነገር ግን በሬዎቹ በ1 ሳንቲ ሜትር ርቀት ውስጥ ቀጥ ቢሉ 75 ጁል ለ0.01 ሜትር ሲካፈል 7,500 ኒውተን ይመጣል። ሞፈር የሚሰበረው፣ የበሬውም ጫንቃ የሚቆስለው በዚህ ጊዜ ነው። በ5 ሳንቲ ሜትር ርቀት ቢቆሙ ግን ጉልበቱ ወደ 1,500 ኒውተን ይወርዳል።

ሞፈሩን ከቀንበሩ ጋር የሚያስረው ምራን ከቆዳ የመሠራቱ ጥቅም እዚህ ላይ ይታያል። ምራን ሲወጠር በጥቂቱ ይለጠጣል፤ ግጭቱንም ያበርደዋል። በሰንሰለት ወይም በሽቦ የተካው ሰው ጥንካሬ ያገኘ ቢመስለውም ግጭቱ በቀጥታ ወደ በሬው ጫንቃ ይሄዳል። አባቶቻችን ስሌቱን ባይጽፉትም በሥራ አውቀውታል። ስለዚህ የደረቀና የተሰነጠቀ ምራን በቅቤ ወይም በሞራ እንዲለሰልስ፣ የማይሆነውም እንዲለወጥ መምከር ያስፈልጋል።

ሦስተኛው ሕግ፣ ለእያንዳንዱ ግፊት እኩልና ተቃራኒ ግፊት አለ ይላል። በሬው መሬቱን በሰኮናው ወደ ኋላ ይገፋል፤ መሬቱም በሬውን ወደ ፊት ይገፋዋል። መሬቱ ጭቃ ከሆነ ሰኮናው ይንሸራተታል፤ የሚገፋው ነገር ያጣል። በሬው ሲለፋ ማረሻው የማይንቀሳቀሰው ስለዚህ ነው። ውኃ ያቆረ ማሳ ጥቂት እስኪጠፈጥፍ መጠበቅ ስንፍና አይደለም።

4. የአንድ ጥማድ ሥራ ስንት ነው?

ጥማድ ማለት ጥንድ በሬ በአንድ ቀን የሚያርሰው መሬት ነው። እንደ አገሩና እንደ አፈሩ ቢለያይም ሩብ ሔክታር ማለትም 2,500 ካሬ ሜትር ያህል ይሆናል። የትልሙ ስፋት 25 ሳንቲ ሜትር ቢሆን፣ 2,500 ለ0.25 ሲካፈል 10,000 ሜትር ይመጣል። በሬውና ገበሬው አንድ ጥማድ ለማረስ 10 ኪሎ ሜትር ይሄዳሉ ማለት ነው።

ማረሻን ለመሳብ የሚያስፈልገው ጉልበት በአፈሩ ዓይነት፣ በእርጥበቱና በጥልቀቱ ይለዋወጣል። ለስሌታችን 1,000 ኒውተን እንውሰድ። እንግዲህ የቀኑ ሥራ 1,000 ሲባዛ በ10,000 ሜትር፣ 10 ሚሊዮን ጁል ነው። በሴኮንድ ግማሽ ሜትር ከተሄደ ሥራው 20,000 ሴኮንድ ወይም አምስት ሰዓት ተኩል ይፈጃል። ኃይሉም 500 ዋት ይሆናል። ጥንድ በሬ ከአንድ የፈረስ ጉልበት ሁለት ሦስተኛውን ያህል ይሰጣል ማለት ነው።

በሬ ለረጅም ሰዓት ሳይደክም ሊስብ የሚችለው ከክብደቱ አንድ አሥረኛ ወይም ከዚያ ጥቂት ከፍ የሚል ነው። 600 ኪሎ የሚመዝን ጥንድ በሬ ሳያቋርጥ የሚስበው እንግዲህ ከ600 ኒውተን ብዙም አይርቅም። ማረሻው ግን 1,000 ይጠይቀዋል። በሬ በየትልሙ መጨረሻ ቆም ብሎ የሚተነፍሰው ስንፍና ይዞት ሳይሆን ከልኩ በላይ ስለሚሠራ ነው። ጥንዱ ከስቶ 500 ኪሎ ሲሆን ደግሞ ልኩ ወደ 500 ኒውተን ይወርዳል፤ አፈሩ ግን በሬው ከሳ ብሎ አይቀልለትም።

ከዚህ ሦስት ምክሮች ይገኛሉ።

ሀ) የመጀመሪያው እርሻ ጥልቀቱ ያነሰ ይሁን። ጥልቀት ሲጨምር የሚፈነቀለው አፈር ይበዛል፣ ታችኛውም አፈር ይጠብቃል፤ ስለዚህ ጉልበቱ በጣም ይጨምራል። ጥልቀቱን በሁለተኛውና በሦስተኛው እርሻ ማግኘት ይቻላል።

ለ) የማረሻው ብረት ከወቅቱ በፊት ይሳል። የደነዘዘ ብረት አፈሩን ከመቁረጥ ይልቅ ይገፋዋል። ወገሉም ላልቶ ከሆነ ማረሻው ይወላገዳል፤ ጉልበቱ ወደ ጎን ይባክናል።

ሐ) ከድርቆሹ የተሻለው ለእርሻ ወራት ይቀመጥ። በሬው ከሚበላው በላይ አቅም ከየትም አያመጣም።

5. አቀበት ማረስ፦ የማይታየው ጭነት

እስካሁን ያሰላነው ለሜዳ ነው። የፋርጣና የአካባቢው ማሳ ግን አብዛኛው ተዳፋት ነው። በሬ ሽቅብ ሲያርስ ማረሻውን ብቻ አይስብም፤ የገዛ አካሉንም ያወጣል። 600 ኪሎ ለሚመዝን ጥንድ ስሌቱ የሚከተለው ነው።

— በሜዳ ወይም ተዳፋቱን አግድሞ ሲታረስ፦ 1,000 ኒውተን።
— በ100 ሜትር 10 ሜትር በሚወጣ ተዳፋት ሽቅብ፦ 1,000 ሲደመር 600፣ 1,600 ኒውተን።
— በ100 ሜትር 20 ሜትር በሚወጣ ተዳፋት ሽቅብ፦ 1,000 ሲደመር 1,200፣ 2,200 ኒውተን።
— በ100 ሜትር 30 ሜትር በሚወጣ ተዳፋት ሽቅብ፦ 1,000 ሲደመር 1,700፣ 2,700 ኒውተን።

ከመቶ 20 በሆነ ተዳፋት ላይ በሬው ከማረሻው ይልቅ ለራሱ አካል የሚያወጣው ጉልበት ይበልጣል። ይህ ድካም ከሞፈሩ ላይ አይታይም፤ ከእግሩ ነው። ገበሬውም ሞፈሩን እያየ «ምን ያህል ሳበ?» ይላል፣ የበሬውን እግር አያሰላም።

«ቁልቁል ሲመለስ ይቀልለው የለም ወይ?» የሚል ጥያቄ ይነሣል። በርግጥ ማረሻው ይቀልለዋል። ነገር ግን ሽቅብ ሲወጣ ያወጣውን አቅም ቁልቁል ሲወርድ መልሶ አያገኘውም። እንዳይንደረደር አካሉን መግታት አለበት፤ ይህም ጡንቻ ያደክማል። የሰባስቶፖል ጋሪም ወደ ጅዳና ወደ በሽሎ ሲወርድ ከኋላ በገመድ ተይዞ ነበር። 70 ኩንታል በየ100 ሜትር ቁልቁለት 7 ሚሊዮን ጁል አቅም ይለቅቃል። ያንን ሁሉ ሰው በእጁና በእግሩ ገታው እንጂ ለሚቀጥለው አቀበት አላስቀመጠውም።

ስለዚህ አግድሞ ማረስ የመጀመሪያው የበሬ መድኃኒት ነው። ችግሩ ግን ይታወቃል። ማረሻ የሚያወጣው ትልም በመካከሉ ሳይነካ የሚቀር መሬት ስለሚተው ገበሬው ሁለተኛውን እርሻ አቋርጦ ማረስ ይፈልጋል። አንዱ አግድም ከሆነ ሌላው ሽቅብና ቁልቁል ይሆናል። እዚህ ላይ የምንመክረው፣ የሚያቋርጠው እርሻ ቀጥ ብሎ ሽቅብ ከሚወጣ ሰያፍ እንዲሆን፣ የዘር እርሻው ግን ምንጊዜም አግድም እንዲሆን ነው። ለምን የዘር እርሻው የተለየ ጥንቃቄ እንደሚያስፈልገው በሚቀጥለው ክፍል ይታያል።

6. ሳይጠመድ የሚያርስ በሬ፦ ውኃ

ከፍ ያለ ቦታ ላይ ያለ ነገር ሁሉ እምቅ አቅም አለው። የጉና ተራራ ጫፍ ከ4,100 ሜትር በላይ ሲሆን ጣና ሐይቅ ወደ 1,800 ሜትር ላይ ይገኛል። ከጉና የሚነሡት ርብና ጉማራ ይህን ሁሉ ቁልቁለት ይወርዳሉ። አንድ ሊትር ውኃ ከጉና ጫፍ ጣና እስኪገባ ድረስ 23,000 ጁል ያህል አቅም ይለቅቃል። አቅም አይጠፋም፤ መልኩን ይለውጣል እንጂ። ከፊሉ በሰበቃ ሙቀት ይሆናል፤ ከፊሉም አፈር ይቆርጣል፣ ድንጋይ ያንከባልላል። በክረምት የርብና የጉማራ ውኃ ደፍርሶ የምናየው ይህ ሥራ ተሠርቶ ነው።

አሁን ወደ አንድ ጥማድ ማሳ እንመለስ። ማሳው 50 ሜትር በ50 ሜትር፣ ተዳፋቱም ከመቶ 20 ነው እንበል። ከላይኛው ጠርዝ እስከ ታችኛው 10 ሜትር ይወርዳል። 30 ሚሊ ሜትር ዝናብ ቢዘንብበት 75,000 ሊትር ውኃ ወረደበት ማለት ነው። ግማሹ ወደ መሬት ቢሰርግ 37,500 ሊትር በላዩ ይፈስሳል። ዝናቡ በማሳው ሁሉ ላይ ስለሚዘንብ ውኃው በአማካይ 5 ሜትር ይወርዳል። ስለዚህ የሚለቀቀው አቅም 37,500 ሲባዛ በ10፣ ሲባዛ በ5፣ ወደ 1.9 ሚሊዮን ጁል ነው። ይህ ጥንድ በሬ በቀን ከሚሠራው አንድ አምስተኛ ያህል ይሆናል። እንዲህ ያለ ዝናብ አምስት ጊዜ ከዘነበ፣ ማንም ያልጠመደው በሬ ሙሉ ቀን በማሳው ላይ ውሏል ማለት ነው። በዚህ ላይ ከላይኛው ማሳ የሚመጣ ጎርፍ ቢጨመር ቁጥሩ ከዚህም ያልፋል።

ልዩነቱ የገበሬው በሬ አፈሩን ገልብጦ እዚያው ይተዋል፤ ውኃው ግን ይዞት ይሄዳል።

የሚንቀሳቀስ ነገር አቅም ከፍጥነቱ ጋር እንዴት እንደሚጨምር በክፍል 3 አይተናል። የውኃው ፍጥነት እጥፍ ሲሆን አቅሙ አራት እጥፍ ይሆናል። ሽቅብና ቁልቁል የታረሰ ትልም ለውኃው የተጠረገ መንገድ ነው። አግድም የታረሰ ትልም ግን በየ25 ሳንቲ ሜትሩ ትንሽ ግድብ ነው። ውኃው ፍጥነት ሳያገኝ ይቆማል፣ ይሰርጋል። ከዘር እርሻ በኋላ መሬቱ ሰብሉ እስኪሸፍነው ድረስ ራቁቱን ስለሚቆይ፣ ያን ጊዜ ትልሙ አግድም መሆኑ ከሁሉ ይበልጣል። እርከንም የሚሠራው ይህንኑ ነው፤ ረጅሙን ቁልቁለት ወደ አጫጭር ቁልቁለቶች ይከፋፍለዋል።

በወንዛዬና በአካባቢው ገበሬ ትርፍ ውኃ ሰብሉን እንዳይጎዳበት በማሳው ላይ ፈሰስ ያወጣል። ፈሰስ ማውጣት ተገቢ ነው፤ መጠንቀቅ የሚገባው በተዳፋቱ ነው። ቀጥ ብሎ የሚወርድ ፈሰስ ውኃውን ያፈጥነዋል፤ ጥቂት ክረምት ካለፈ በኋላም ቦረቦር ሊሆን ይችላል። በውኃ ልክ ተለክቶ በ100 ሜትር ርቀት ከግማሽ ሜትር እስከ 1 ሜትር ብቻ እንዲወርድ ቢደረግ፣ መጨረሻውም ሣር ወዳለበት ወይም በድንጋይ ወደ ተነጠፈ መውረጃ ቢገባ፣ ውኃው ሳይቆርጥ ይወጣል። ፈሰሱ ወደ ታችኛው ጎረቤት ማሳ የሚገባ ከሆነ ነገሩ የአንድ ሰው ጉዳይ መሆኑ ይቀራል። የሁለቱም ባለማሳዎች ስምምነት ያስፈልጋል፤ ማኅበሩም የሚያግዘው በዚህ ላይ ነው።

7. እኩል ያልሆኑ በሬዎችን ማቀናጀት

በመቀናጆ የሚጠመዱ በሬዎች ብዙ ጊዜ እኩል አይደሉም። አንዱ የጠገበ፣ ሌላው የከሳ ይሆናል። ሞፈሩ ከቀንበሩ መካከል ከታሰረ ሁለቱ እኩል እንዲስቡ ይገደዳሉ። የደከመው ቀድሞ ይወድቃል፤ ባለበሬዎቹም ይቀያየማሉ።

ቀንበር እንደ ሚዛን ነው። በአንድ ወገን ያለው ጉልበት ከማሰሪያው ባለው ርቀት ሲባዛ፣ በሌላው ወገን ካለው ጋር እኩል መሆን አለበት። በሁለቱ በሬዎች ጫንቃ መካከል 120 ሳንቲ ሜትር ቢኖር መካከሉ 60 ላይ ነው። ምራኑን ወደ ጠንካራው በሬ 12 ሳንቲ ሜትር ብናስጠጋው፣ ከጠንካራው 48፣ ከደካማው 72 ሳንቲ ሜትር ይርቃል። የሚያስፈልገው 1,000 ኒውተን ሲከፋፈል ለጠንካራው 600፣ ለደካማው 400 ይደርሰዋል። 600 ሲባዛ በ48 እና 400 ሲባዛ በ72 እኩል መሆናቸውን አስልቶ ማየት ይቻላል።

ይህን ለማድረግ ከቀንበሩ መካከል ግራና ቀኝ ምራኑ እንዳይንሸራተት የሚይዝ ተጨማሪ ጎድጎድ ማውጣት ይበቃል። ነገር ግን ጠንካራውን በሬ ቀኑን ሙሉ በዚህ ማሠራት ማጎሳቆል ስለሆነ፣ ደካማው ሲያገግም ምራኑ ወደ መካከሉ ይመለስ።

8. ሠርቶ ማሳያ ለማሠልጠኛ ጣቢያ

ልማት ሠራተኛው በቃል ብቻ ከማስረዳት ይልቅ የሚከተለውን ቢያሳይ ገበሬው ፈጥኖ ይቀበላል። የሚያስፈልገው በገበያ የሚገኝ ተንጠልጣይ ሚዛን፣ 20 ኪሎ አፈር የተሞላ ጆንያ፣ ገመድና አራት ድብልብል እንጨት ነው።

ሀ) ጆንያውን በሚዛኑ አንጠልጥሎ ክብደቱን ማሳየት።
ለ) ጆንያውን በሜዳ ላይ በሚዛኑ እየጎተቱ የሚያሳየውን ቁጥር ማንበብ።
ሐ) ጆንያውን በሳንቃ ላይ አድርጎ ድብልብሎቹን ከሥር በመደርደር እንደገና መጎተት። ቁጥሩ በጣም መቀነሱን ሁሉም ያያል።
መ) በ«ለ» እንደተደረገው በተዳፋት ላይ ሽቅብ፣ ቀጥሎም አግድም መጎተት። በሽቅቡና በአግድሙ መካከል ያለው ልዩነት የአቀበቱ ድርሻ ነው።

ሚዛኑን ሽማግሌዎችና ወይዛዝርት ራሳቸው እንዲያነቡት ይደረግ። ሚዛኑ በኪሎ ያሳየውን በ10 ማባዛት ጉልበቱን በኒውተን ይሰጣል።

9. የመወያያ ጥያቄዎች

1ኛ) የማኅበሩ ጋሪ ራሱ 200 ኪሎ ይመዝናል፤ 50 ኪሎ የሆኑ 6 ጆንያ ማዳበሪያ ጫነ። በደህና መንገድ ሰበቃው የክብደቱ አንድ ሃያኛ ነው። በሜዳ ስንት ኒውተን ያስፈልጋል? በ100 ሜትር 5 ሜትር በሚወጣ አቀበትስ?
መልስ፦ በሜዳ 250፣ በአቀበቱ 500 ኒውተን። 300 ኪሎ የሚመዝን ፈረስ ለረጅም ሰዓት የሚችለው ወደ 300 ኒውተን ስለሆነ ሜዳውን ይችለዋል። ለአቀበቱ ጭነቱን በግማሽ መቀነስ ይገባል፤ ያን ጊዜ የሚያስፈልገው 350 ኒውተን ይሆናል፤ ለአጭር አቀበት ይቻላል።

2ኛ) 500 ኪሎ የሚመዝን የከሳ ጥንድ በሬ ከመቶ 20 በሆነ ተዳፋት ላይ ሽቅብ ቢያርስ ስንት ኒውተን ያወጣል?
መልስ፦ 1,000 ሲደመር 1,000፣ 2,000 ኒውተን። አግድሞ ቢያርስ ግን 1,000 ብቻ።

3ኛ) የፈሰስ ውኃ ፍጥነት ሦስት እጥፍ ቢሆን የመቁረጥ አቅሙ እንዴት ይሆናል?
መልስ፦ እያንዳንዱ ሊትር ውኃ የያዘው አቅም ዘጠኝ እጥፍ ይሆናል።

ማጠቃለያ

ጉልበት መግፋትና መሳብ ነው፤ ሥራ ጉልበት በርቀት ነው፤ አቅም ሥራ የመሥራት ችሎታ ነው፤ አቅም መልኩን ይለውጣል እንጂ አይጠፋም። ከእነዚህ አራት ነገሮች አንድ ትልቅ ምክር ይወጣል። ሽቅብና ቁልቁል ማረስ በሬውን ሁለት ጊዜ ይጎዳዋል። ዛሬ የገዛ አካሉን እያወጣ ይደክማል፤ ነገ ደግሞ ውኃው አፈሩን ወስዶበት በሳሳ መሬት ላይ ያነሰ ገለባ ይበላል። አግድሞ ማረስ ሁለቱንም በአንድ ጊዜ ይከላከላል።

ማሳሰቢያ፦ በዚህ ጽሑፍ የተሰጡት ቁጥሮች ለትምህርት የተጠጋጉ ናቸው። የየቀበሌው አፈር፣ ተዳፋትና የበሬ ክብደት ስለሚለያይ ልማት ሠራተኞች በየአካባቢያቸው ለክተው ስሌቱን እንደገና እንዲሠሩ፣ ውጤቱንም ከገበሬዎች ጋር እንዲወያዩበት እናሳስባለን። በሬው በትልም መሐል ሲቆም ጅራፉን ከማንሣት በፊት ተዳፋቱን፣ ማረሻውንና ምራኑን መመልከት ይቅደም።